ስለ ተዋናይት ታንቱ ካርዲናልና ስለ ነባር ሕዝቦች እውነተኛ መልክ



ለዛሬው ትምህርታዊ ንግግራችን የመረጥነው ርእሰ ነገር፣ በሰሜን አሜሪካ ምድር አውሮጳውያን ሳይደርሱ አስቀድመው የኖሩት ነባር ሕዝቦች በሲኒማ ሸራ ላይ በምን መልክ ሲታዩ እንደ ኖሩ፣ ይህንንም የተጣመመ መልክ ለማቅናት አምሳ ዓመት ያህል በሙያቸውም በአንደበታቸውም የደከሙት ካናዳዊት ተዋናይት ወይዘሮ ታንቱ ካርዲናል ምን እንዳደረጉ የሚመለከት ነው። የምጠቅሳቸው ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላስታውቅ።

ከአድማጮቻችን መካከል በዕድሜ ከፍ ያላችሁት፣ በወጣትነታችሁ ዘመን የካውቦይ ፊልም ለማየት በሲኒማ ቤት ደጃፍ መሰለፋችሁን አትዘነጉትም። በዚያ ፊልም ውስጥ «ቀይ ሕንድ» ተብሎ የሚጠራው ሰው ላባ ደፍቶ፣ ፊቱን ቀለም ተቀብቶ፣ በፈረስ እየጋለበ ከኮረብታ ማዶ ብቅ ይላል፤ ይጮኻል፤ ይተኩሳል፤ ተመትቶም ይወድቃል። እናት ትኑረው አትኑረው፣ ማታ እቤቱ ሲገባ ከሚስቱ ጋር ምን እንደሚጫወት፣ የሞተበትን ወንድሙን በምን ሥርዓት እንደሚቀብር የሚነግረን አልነበረም። ተመልካቹም ይህን ባለማወቁ ቅር አይለውም ነበር፤ ማንም ቢሆን የማያውቀውን ሰው ሞት ለማየት ብዙ አይቸገርምና።

ነገሩን ይበልጥ የሚያስገርመው፣ ያ ላባ የደፋው ሰው ራሱ ብዙውን ጊዜ ከነባር ሕዝቦች ወገን አለመሆኑ ነው። በ1950 በወጣው «ብሮክን አሮው» በተባለው ፊልም ታላቁን የአፓቺ መሪ ኮቺስን ሆኖ የተጫወተው ጄፍ ቻንድለር፣ በኒው ዮርክ በብሩክሊን ከአይሁድ ቤተ ሰብ የተወለደ ሰው ነበር። በ1971 ስለ አካባቢ ንጽሕና በተሠራ የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ላይ እንባ በጉንጩ ሲወርድ የታየውና የአሜሪካ ሕዝብ የነባሮቹን ሐዘን የተሸከመ ፊት አድርጎ የተቀበለው አይረን አይዝ ኮዲም፣ ኋላ እንደ ተገለጠው፣ ወላጆቹ የጣልያን ስደተኞች ነበሩ።

ስመ ጥሩው ዲሬክተር ጆን ፎርድ በ1964 «ሸያን ኦተም» የተባለውን ፊልም የሠራው በሸያን ሕዝብ ላይ የደረሰውን ግፍ ለማሳየት አስቦ እንደ ሆነ አይካድም። ይሁን እንጂ ከሸያን መሪዎች ዋና ዋናዎቹን የተጫወቱት በሜክሲኮ የተወለዱ ተዋንያን ሲሆኑ፣ በአጃቢነት የተሰለፉት ደግሞ ፊልሙ በተቀረጸበት በሞኑመንት ቫሊ የሚኖሩት ናቫሆዎች ነበሩ። ሸያንኛ የማያውቁ በመሆናቸው በገዛ ልሳናቸው ተናገሩ። እንደሚተረከውም፣ በዚያ በግርማና በሐዘን በተሞላው ትዕይንት መካከል፣ ከድርሰቱ ጋር ምንም የማይገናኝ ቀልድና በሬዲዮ ሊደገም የማይገባው ብልግና ሲያወርዱት፣ ቋንቋውን የማያውቀው ተመልካች ጥልቅ የሽማግሌ ቃል የሚሰማ መስሎት ተመስጦ ያዳምጥ ነበር፤ ፊልሙ በናቫሆ አገር በታየ ጊዜ ግን ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። እኔ በዚህ ታሪክ ውስጥ ቀልዱ ብቻ አይታየኝም፤ ሥልጣን የሌለው ሰው በተተወችለት ጠባብ ቀዳዳ ሾልኮ የሚወጣው በቀልም ይታየኛል።

ወይዘሮ ታንቱ ካርዲናል ይህን በመሰለው ዓለም ውስጥ ነው ያደጉት። በ1950 በካናዳ፣ በአልበርታ ክፍለ አገር፣ በፎርት ማክመሪ ተወለዱ። እናታቸው ከክሪና ከሜቲስ ወገን፣ አባታቸው ነጭ ነበሩ፤ ሜቲስ የሚባሉትም ከነባር ሕዝቦችና ከአውሮጳውያን የቆዳ ነጋዴዎች ጋብቻ ተገኝተው፣ በዘመን ብዛት የራሳቸው ቋንቋና ልማድ ያላቸው አንድ ሕዝብ ለመሆን የበቁ ናቸው። ሕፃኒቱን ያሳደጓት አያቷ ሲሆኑ፣ መኖሪያቸውም ከፎርት ማክመሪ በስተ ደቡብ ምሥራቅ የሚገኘው፣ በጫካና በውኃ የተከበበው የአንዛክ መንደር ነበር። አያትና የልጅ ልጅ የዱር ፍሬ ሊለቅሙ ወደ ጫካ ሲወርዱ ትንኝ እንዳይነድፋቸው የሚቀቡት አንድ መድኃኒት ነበር፤ «ታንቱ» የሚለው ቅጽል ስም ከዚያ መድኃኒት የንግድ ስም የመጣ ነው ይባላል። አያቲቱ የክሪን ቋንቋና የአባቶችን ሥርዓት ለልጅቱ አስተማሯት። ይህ በዘመኑ ቀላል ነገር አልነበረም፤ የካናዳ መንግሥት ከአብያተ ክርስቲያናት ጋር ሆኖ ባቋቋማቸው አዳሪ ትምህርት ቤቶች ውስጥ በመቶ ዓመት ጊዜ 150,000 ያህል የነባር ሕዝቦች ልጆች ከወላጆቻቸው ተነጥለው እንዲገቡ ሲደረግ፣ በእናታቸው ቋንቋ ሲናገሩ የተገኙት ይቀጡ ነበርና፤ የመጨረሻዎቹም ትምህርት ቤቶች የተዘጉት በ1990ዎቹ መጨረሻ ነው። በክርስቶስ ስም የተሠራው ይህ ሥራ፣ እኛ ክርስቲያኖች ስንሰማው አንገታችንን የሚያስደፋን ነው።

ታንቱ ካርዲናል በኤድመንተን ከተማ ተማሪ ሳሉ ከነባር ሕዝቦች ወጣቶች ማኅበር ጋር ይሠሩ ነበር፤ ወደ ተውኔት የመጡትም በ1970ዎቹ መጀመሪያ በዚሁ የሕዝብ ጉዳይ በር ነው። ይህንን ልብ በሉልኝ። ብዙ ተዋንያን አስቀድመው ዝናን ካገኙ በኋላ የሚናገሩለት ጉዳይ ይፈልጋሉ፤ በእኚህ ሴት ዘንድ ግን ጉዳዩ ቀድሞ፣ ሙያው የጉዳዩ መሣሪያ ሆኖ መጣ።

መጀመሪያ የተሰጧቸው ክፍሎች ጥቃቅን ነበሩ፤ ስለ እነርሱ ብዙ መናገር አያስፈልግም። የሙያቸውን ስፋት ያሳየው በ1986 ወይዘሮ አን ዊለር ያዘጋጁት «ሎያልቲስ» የተባለው ፊልም ነው። አንድ እንግሊዛዊ ሐኪም ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ በሰሜን አልበርታ ወደምትገኝ ትንሽ ከተማ ይመጣል፤ ሚስቱም ሮዛን የምትባል፣ ሥራዋን ያጣች ሜቲስ ሴት ለቤት ሠራተኛነት ትቀጥራለች። ሮዛን ቁጡ ናት፤ ትጠጣለች፤ ትደባደባለች፤ ደግሞም ትስቃለች፤ ልጆቿን እንደ ዐይኗ ብሌን ትጠብቃለች። በሁለቱ ሴቶች መካከል ቀስ በቀስ ወዳጅነት ይጸናል፤ የሐኪሙ ኃጢአት በሮዛን ልጅ ላይ በደረሰ ጊዜ ግን የሁሉም ታማኝነት ይፈተናል። በዚያን ጊዜ በሲኒማ የምትታየው የነባር ሕዝብ ሴት ወይ የመስፍን ልጅ ትሆናለች፣ ወይም ስም የሌላት ምስኪን፤ ታንቱ ካርዲናል ግን ሮዛንን ቅድስትም ርኩስትም ሳያደርጉ፣ ደግነቷ ከቁጣዋ ሳይለይ ሰው አድርገው አቆሟት። ከዚያ በኋላ የሠሩትን ብዙ ሥራ ተመልክቼ የምመለሰው አሁንም ወደዚህች ሴት ነው።

ዓለም ያወቃቸው ግን በ1990 በወጣውና በተከታዩ ዓመት 7 የኦስካር ሽልማት ባገኘው «ዳንስስ ዊዝ ዎልቭስ» በተባለው የኬቪን ኮስትነር ፊልም ነው። ታሪኩ ከጦሩ ርቆ በላኮታዎች ዘንድ መኖር ስለ ጀመረ ነጭ መኮንን ይናገራል፤ መነሻ በሆነው ልብ ወለድ ግን ሕዝቡ ላኮታ ሳይሆን ኮማንቼ ነበር፤ አንዱን ሕዝብ በሌላው መተካት ምን ያህል እንደሚቀል ከዚህ እንረዳለን። ታንቱ ካርዲናል የመንፈሳዊውን መሪ የ«ኪኪንግ በርድ»ን ሚስት ብላክ ሾልን ሆኑ፤ ባልዮውን የተጫወተው ከኦናይዳ ሕዝብ የሆነው ግርሃም ግሪን ነው። ሁለቱም ላኮታ ባይሆኑ ቅሉ፣ ቋንቋውን ዶሪስ ሊደር ቻርጅ ከምትባል የላኮታ መምህርት እየተማሩ ተናገሩት።

በዚህ ፊልም ውስጥ አንድ አጭር ትዕይንት አለ። ሌሊት ነው፤ ባልና ሚስት በድንኳናቸው ተጋድመዋል። ሚስቲቱ በሰፈሩ ውስጥ ያደገችው ሐዘንተኛ ሴት ከነጩ መኮንን ጋር መዋደዷን ለባሏ ትነግረዋለች። ሕዝቡን የሚመክረውና ራእይ የሚያየው ያ ታላቅ ሰው በገዛ ቤቱ ሥር የሚሆነውን ሰው ሁሉ ካወቀ በኋላ መስማቱ ሲያስደነግጠው፣ ሚስቲቱ ደግሞ ሐዘኑ እንዲያበቃ መፍቀድ የእርሱ ፋንታ መሆኑን በጨዋታ መልክ ታስታውሰዋለች። ጦርነት የለ፣ ጩኸት የለ፤ ከእንቅልፍ በፊት የሚደረግ የጎጆ ወግ ብቻ ነው። ነገር ግን በስድሳና በሰባ ዓመት የካውቦይ ፊልም ውስጥ ጠፍቶ የኖረው ይኸው ነበር፤ ብልህ ሚስትና ትንሽ የዘገየ ባል፣ ርስ በርስ ሲተዋወቁ። ታንቱ ካርዲናል በዚያች ደቂቃ የሚያደርጉት ነገር እጅግ ጥቂት ነው፤ ዐይናቸውን ወደ ባላቸው መለስ ያደርጋሉ፣ ፈገግታቸውን ይይዛሉ፣ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጋሉ። ተመልካቹ ግን ይህ ትዳር የብዙ ዓመት ትዳር እንደ ሆነ ያለ አስረጂ ያምናል።

ፊልሙ ነቀፋ አላጣም። በላኮታ ቋንቋ ተናጋሪው ወንድ ሲሆንና ሴት ስትሆን የዐረፍተ ነገሩ መዝጊያ ይለያያል፤ እኛ አማርኛ ተናጋሪዎች የምንለየው የሚነገረውን ሰው ጾታ ሲሆን፣ እነርሱ የሚናገረውን ይለያሉ። መምህርቲቱ ሴት በመሆኗ፣ ጦረኞቹ በአንዳንድ ቦታ እንደ ሴት ሲናገሩ ይሰማሉ ብሎ የላኮታው ታጋይና ተዋናይ ራስል ሚንስ ሲያፌዝ ኖሯል። ከዚህ የሚከብደው ነቀፋ ግን ሌላ ነው፤ ይኸውም የታሪኩ ዐይን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የነጩ መኮንን ዐይን መሆኑ ነው። የነባሩ ሕዝብ ሰው በትክክል ለብሶ፣ በትክክል ተናግሮ፣ ግን አሁንም በእንግዳው ሰው ማስታወሻ ደብተር ውስጥ ይኖራል።

ታንቱ ካርዲናል በብዙ ንግግራቸው የደጋገሙት ጉዳይ የሚነሣው ከዚህ ነው። ለነባር ሕዝቦች ተዋናይ ክፍል መስጠት መልካም ነው፤ ነገር ግን ብዕሩና ካሜራው በሌላ ሰው እጅ እስካለ ድረስ፣ ተዋናዩ ሌላው ስለ እርሱ ያለመውን ሕልም ከማስጌጥ አያልፍም የሚል ነው። ይህንንም የተናገሩት ከውጭ ቆመው አይደለም። በ1994 «ሌጀንድስ ኦቭ ዘ ፎል» በተባለው ትልቅ ፊልም ውስጥ የሞንታና ከብት አርቢ ቤት ሠራተኛ የሆነችውን ሴት ተጫውተዋል፤ የገጸ ባሕርይዋ ስም «ፔት» ነው፤ ለማዳ እንስሳ ለሚጠራበት ቃል የቀረበ ስም ለአንዲት እናት ሲሰጥ፣ ደራሲው ያሰበው ምንም ይሁን ምን፣ አድማጭ ጆሮውን ሳይቆረቁረው አያልፍም። እርሳቸውም ክፍሉን ተቀብለው፣ በተፈቀደላቸው ጥቂት ደቂቃ ሴቲቱን አከበሯት። እንጀራም ነው፤ መቆሚያም ነው። እንዲህ ያለውን ክፍል ባለመቀበል ንጹሕ ሆኖ መቅረት ይቻል ነበር የሚል ሰው፣ በዚያ ዘመን ለነባር ሕዝቦች ሴት ተዋናይ ስንት ክፍል ይቀርብ እንደ ነበር ያላሰበ ነው።

ብዕሩ እጅ የለወጠበት ጊዜ በ1998 መጣ። የሸያንና የአራፓሆ ተወላጁ ክሪስ አየር ያዘጋጀው «ስሞክ ሲግናልስ»፣ ድርሰቱም ዝግጅቱም ዋና ተዋንያኑም ከነባር ሕዝቦች ሆነው በብዙ አገር ለሕዝብ ከታዩት ፊልሞች ቀዳሚው ነው። ታንቱ ካርዲናል በአይዳሆ በነባር ሕዝቦች ሰፈር ልጇን ብቻዋን ያሳደገችውን አርሊንን ሆኑ። ይህች እናት ዘይት ውስጥ የምትጠብሰው ቂጣ በአገሩ ሁሉ ስሙ የታወቀ ነው። በፊልሙ ውስጥ ስለዚህ ቂጣ የሚነገረው ተረት ያስቃል፤ ካውቦይ የለም፤ የሚገልጥልን እንግዳ ሰው የለም፤ ሰፈርተኛው ርስ በርሱ ይቀልዳል፣ እኛም ጎረቤት ሆነን እንሰማለን። የአሜሪካ ቤተ መጻሕፍተ ምክር ቤት በ2018 ይህን ፊልም ለትውልድ ሊጠበቁ ከሚገባቸው ፊልሞች መዝገብ አገባው።

በ1999 ታንቱ ካርዲናል ከጎርደን ቱቱሲስና ከኬኔች ሻርሌት ጋር ሆነው በሳስካቱን ከተማ የነባር ሕዝቦች ወጣቶች ተውኔት የሚማሩበትን የቴአትር ማኅበር አቋቋሙ። በዚያው ዓመት በመስከረም ወር በካናዳ የነባር ሕዝቦች የቴሌቪዥን ጣቢያ ሥራውን ጀመረ። ስለ እውነተኛ መልክ በስብሰባ ላይ መናገር አንድ ነገር ነው፤ ጽሑፍ የሚያነብ፣ መብራት የሚያቆም፣ ድምፅ የሚቀዳ፣ ልብስ የሚሰፋ ወጣት ማፍራት ግን ሌላ ነገር ነው፤ የሁለተኛው ፍሬ የሚታየው ከሃያ ዓመት በኋላ ነው፤ ጋዜጠኛም ብዙ አይከታተለውም።

በመካከሉ በነሐሴ 2011 ታንቱ ካርዲናል በዋሽንግተን በዋይት ሀውስ ፊት ለፊት ተይዘው ታሰሩ። ከአልበርታ የሚወጣውን ድፍድፍ ዘይት ወደ አሜሪካ እንዲያወርድ የታሰበው የኪስቶን ኤክስ ኤል ቧንቧ እንዳይዘረጋ በሁለት ሳምንት ውስጥ ከ1,000 በላይ ሰዎች እየተቀመጡ የታሰሩበት ተቃውሞ ነበር። ይህ ከሲኒማው ነገር የራቀ ሊመስለን ይችላል። ነገር ግን ዘይቱ ከአሸዋ ጋር ተደባልቆ የሚቆፈርበት ትልቁ ስፍራ እርሳቸው የተወለዱበት የፎርት ማክመሪ አገር ነው፤ ከአያታቸው ጋር ፍሬ የለቀሙበት ጫካ ማለት ነው። የሕዝቡን መልክ በሸራ ላይ አቅንቶ የሕዝቡን ምድር ማጣት ትርፍ እንደማይሆን ለተረዳ ሰው፣ ሁለቱ ክርክሮች አንድ ክርክር ናቸው።

የካናዳ መንግሥት በ2009 የካናዳን ኒሻን ሰጣቸው፤ በ2021ም በጠቅላይ አገረ ገዢው ስም ለዕድሜ ልክ የጥበብ ሥራ የሚሰጠውን ሽልማት ተቀበሉ። ሽልማቱ ይገባቸዋል። እኔን የሚያሳስበኝ ግን ሌላ ሒሳብ ነው፤ በ2018 በአኒሺናቤ ተወላጅዋ በዳርሊን ናፖንስ ድርሰትና ዝግጅት «ፎልስ አራውንድ ኸር» የተባለው ፊልም ሲወጣ፣ ዝናዋን ትታ ወደ ትውልድ መንደሯ የተመለሰችውን ዘፋኝ ሆነው ታሪኩን ብቻቸውን ተሸክመው ከዳር ያደረሱት ታንቱ ካርዲናል 68 ዓመታቸው ነበር። በሚስትነት፣ በእናትነት፣ በሠራተኝነት፣ በአያትነት ከሌሎች ሰዎች ታሪክ ጠርዝ ላይ ሲያበሩ ኖረው፣ አንድ ካሜራ ከጠዋት እስከ ማታ እርሳቸውን ብቻ እንዲከተል እስኪፈቀድ ይህን ያህል ዘመን ፈጀ።

በ2023 ደግሞ በማርቲን ስኮርሰሲ «ኪለርስ ኦቭ ዘ ፍላወር ሙን» ውስጥ ዳግመኛ አየናቸው። ታሪኩ እውነተኛ ነው፤ በ1920ዎቹ በኦክላሆማ የኦሴጅ ሕዝብ በመሬቱ ሥር በተገኘው ዘይት ባለጸጋ በሆነ ጊዜ፣ ነጮች በጋብቻና በሞግዚትነት ስም እየተጠጉ ለርስቱ ሲሉ ብዙዎችን ገደሏቸው። ታንቱ ካርዲናል የሟቾቹን እኅትማማች እናት ሊዚን ሆነዋል። ሊዚ የአልጋ ቁራኛ ናት፤ በቤቷ የሚገቡትን ነጭ አማቾች በዐይኗ ትመዝናለች፤ የምትናገረው ጥቂት ነው። በነፍስ መውጫዋ ሰዓት የቀደሙ አባቶቿ ወደ እርሷ ይመጣሉ፤ ፈገግ ትላለች፤ ተነሥታም ከእነርሱ ጋር ትሄዳለች። ወዲያው ካሜራው ወደ ክፍሉ ሲመለስ ልጆቿ በአስከሬኗ ላይ ያለቅሳሉ። ሞትን በዚህ ዐይነት ማሳየት በነጩ ሲኒማ ልማድ ቢሆን ጢስና ሙዚቃ ይበዛበት ነበር፤ እዚህ ግን ዘመዶች እንግዳ ሊቀበሉ እንደ መጡ ሆኖ፣ በቀን ብርሃን፣ ያለ ግርግር ተደርጓል።

ይህ ፊልም መጀመሪያ ሲታሰብ ዋናው ሰው ወንጀሉን የሚመረምረው የመንግሥት መርማሪ ነበር፤ ስኮርሰሲ ከኦሴጅ ሽማግሌዎችና ከሕዝቡ ጋር ከተነጋገሩ በኋላ ግን ድርሰቱ ተለውጦ ወደ ሊዚ ልጅ ወደ ሞሊና ወደ ባሏ ዞረ። ተዋንያኑ የኦሴጅን ቋንቋ ከኦሴጅ መምህራን ተማሩ። ሞሊን ሆና የተጫወተችው፣ በሞንታና በብላክፊት ምድር ያደገችው ሊሊ ግላድስቶን፣ በጥር 2024 የጎልደን ግሎብን ሽልማት ስትቀበል ንግግሯን በብላክፊት ቋንቋ ጀመረች፤ ቀጥላም ድሮ በፊልም የነባር ሕዝቦች ተዋንያን በእንግሊዝኛ የተናገሩትን ድምፅ ባለሙያዎች ወደ ኋላ ገልብጠው እያሰሙ የነባሮች ቋንቋ ያስመስሉት እንደ ነበር ለተሰበሰበው ሁሉ አስታወሰች። ለኦስካርም በዋና ተዋናይትነት ታጨች፤ ፊልሙ ግን በ10 ዘርፍ ታጭቶ አንድም ሳያገኝ ቀረ።

ነገር ግን ክርክሩ በዚህ አልተዘጋም። ፊልሙ በሎስ አንጀለስ በታየበት ምሽት የኦሴጅ ቋንቋ አማካሪ ሆኖ የሠራው ክሪስቶፈር ኮት ለጋዜጠኞች ሲናገር፣ እርሱ ቢሆን ታሪኩ በሞሊ ዐይን እንዲነገር ይወድ እንደ ነበር፣ ያን ለማድረግ ግን ኦሴጅ የሆነ ሰው እንደሚያስፈልግ ሳይደብቅ ገለጠ። ሥራውን አላጣጣለም፤ ድካሙንም አመስግኗል። ሆኖም ሦስት ሰዓት ከሃያ ስድስት ደቂቃ በሚፈጀው ፊልም ውስጥ ነፍሰ ገዳዩ ባል ግፍ ከደረሰበት ከሞሊ ቤተ ሰብ የበለጠ ጊዜ አግኝቷል፤ እኔም ከሰውዬው ጋር እስማማለሁ። ታንቱ ካርዲናል በዚህ ፊልም ውስጥ የቆዩባቸው ጥቂት ደቂቃዎች፣ ሊዚን ዋና አድርጎ አንድ ኦሴጅ ዲሬክተር ቢሠራው ኖሮ ምን ፊልም እንደሚወጣ እንድንመኝ ያደርጉናል።

ክቡራን አድማጮቻችን፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በኢኑይት ቋንቋ ተነግሮ፣ በኢኑይት ዲሬክተር በዛካሪያስ ኩኑክ ተዘጋጅቶ፣ በ2001 በካን የፊልም በዓል ለመጀመሪያ ፊልም የሚሰጠውን ሽልማት ስላገኘው ስለ «አታናርጁአት» በሚመጣው ሳምንት በዚሁ ሰዓት እንነጋገራለን።